ማን ነው እንዲህ ያላቸው?

«ካልሳ» የሚለውን ቃል መዝገበ ቃላት ላይ ብትፈልጉት «ንጹሕ» የሚል ታገኛላችሁ። ልክ ነው። በሕንድ የተነሳው የሲክ እምነት ማኅበር ስም ነው፤ «የንጹሓን ማኅበር» ተብሎ ይታለፋል። ይህን ፍቺ ይዛችሁ ወደ ታሪኩ ስትመለሱ ግን እዚያው የነበራችሁበት ናችሁ። ከምን ነው የነጹት? ለምንስ በዚያ ዘመን ይህ ስም አስፈለገ?

መልሱን ያገኘሁት ከግብር ታሪክ ነው። ያን ጊዜ ሰሜን ሕንድን ይገዛ የነበረው የሙጋል መንግሥት ለሹማምንቱ በደመወዝ ፈንታ የመሬት ግብር ይሰጣቸው ነበር። ሹሙ ከተመደበለት አገር ግብሩን ይሰበስባል፤ ይበላዋልም። በማንም ሹም እጅ ሳያልፍ ገቢው በቀጥታ ለንጉሠ ነገሥቱ ግምጃ ቤት የሚገባ መሬት ደግሞ ነበር። እሱ «ኻሊሳ» ይባላል። ከዐረብኛ የመጣ ቃል ነው፦ የጠራ፣ ሌላ ነገር ያልተቀላቀለበት።

አሁን ወደ ሲኮቹ እንምጣ። ከጉሩው፣ ማለትም ከመንፈሳዊ መሪያቸው፣ ርቀው የሚኖሩ ምእመናንን የሚመሩና መባቸውን የሚሰበስቡ፣ ማሳንድ የሚባሉ እንደራሴዎች ነበሩ። እየቆየ ብዙዎቹ መባውን ለራሳቸው ማድረግ ጀመሩ፤ በየአካባቢያቸውም ጌታ ሆኑ። አሥረኛው ጉሩ ጎቢንድ ሲንግ ማሳንዶቹን ሻሩ። በ1699 አናንድፑር ላይ ካልሳን አቋቋሙ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ያን ጊዜ ቃሉን የሰማ ገበሬ የገባው ነገር ግልጽ ይመስለኛል። በእሱና በጉሩው መካከል ከእንግዲህ የሚቆም ሰው የለም። በቀጥታ የጉሩው ነው።

«ንጹሕ» የሚለው ፍቺ ይህን ሁሉ ውጦት ነበር።

የዓለም ሃይማኖቶችን ታሪክ ማንበብ የምወደው ለዚህ ነው፤ ብዙ ሰው መሃል ላይ ትቶት የሚነሳውም ለዚህ ይመስለኛል። አንድ ገጽ ላይ ኒርቫና፣ ሆሞኡሲዮስ፣ ሂናያና፣ ሚድራሽ ተደርድረው ይመጣሉ። አንባቢው ለእያንዳንዱ አንድ የአማርኛ ቃል ይፈልጋል። ያገኛል። ይቀጥላል። ሃያ ገጽ ሲያልፍ ቃላቱን ያውቃቸዋል፤ ሰዎቹ ምን ሲሉ እንደነበረ ግን አያውቅም። እኔ አሁን ከፍቺው በፊት ሌላ ነገር ነው የምጠይቀው። ቃሉን ማን አለው? ለማን? ያን ጊዜ ምን ጠብ ወይም ምን ችግር ነበር?

ይህን ጥያቄ ያስተማሩኝ አባቴ ናቸው። ብዙ ዘመን የፍርድ ቤት ሬጅስትራር ሆነው ነው ጡረታ የወጡት። ዓይናቸው ከደከመ ወዲህ ማታ ማታ እኔ አነብላቸዋለሁ። የሚወዱት ደግሞ የሃይማኖት ታሪክ ነው። ዝም ብለው የሚያዳምጡ እንዳይመስላችሁ። አዲስ ስም በመጣ ቁጥር እጃቸውን ያነሳሉ።

«ቆይ፣ ቆይ ልጄ። ማን ነው እንዲህ ያላቸው? ራሳቸው ናቸው ወይስ ሌላ ሰው?»

«ባላንጣዎቻቸው ናቸው አባባ።»

«እንግዲያው ተከሳሹን ከሳሹ ባወጣለት ስም አትጥሪው። መጀመሪያ የራሱን ስም ፈልጊለት።»

እንዲህ እያሉ ስንት መጽሐፍ ጨረስን። ውጤቱ ያስገርማል። በሃይማኖት ታሪክ ውስጥ የምናውቃቸው ስሞች ብዙዎቹ ከሳሽ ያወጣቸው ናቸው። «ኩዌከር» የሚለውን ውሰዱ። «ተንቀጥቃጭ» ማለት ነው። የእንቅስቃሴው መሥራች ጆርጅ ፎክስ እንደጻፈው፣ በ1650 ደርቢ በምትባል የእንግሊዝ ከተማ ፊቱ የቀረበበት ዳኛ ነው ስሙን ያወጣው። ፎክስ «በእግዚአብሔር ቃል ፊት ተንቀጥቀጡ» ስላላቸው ዳኛው ያንኑ መልሶ ለጠፈበት። እነሱ ራሳቸውን የሚጠሩት «ወዳጆች» ብለው ነው። «ክርስቲያን» የሚለው ስም ራሱ እንዴት ተጻፈ? የሐዋርያት ሥራ ላይ ደቀ መዛሙርት «መጀመሪያ በአንጾኪያ ክርስቲያን ተባሉ» ይላል። ተባሉ ነው የሚለው። እነሱ በዚያው መጽሐፍ ውስጥ ለራሳቸው ጉዳይ «መንገዱ» የሚል ስም ነበራቸው።

«ፕሮቴስታንት» ሲመጣ አባቴ ደስ አላቸው፤ ምክንያቱም ጉዳዩ የእሳቸው ሙያ ሆኖ ተገኘ። በ1529 ሽፓየር ላይ የጀርመን መሳፍንት ጉባኤ ተቀምጦ ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ለየመሳፍንቱ የተተወው የሃይማኖት ነገር እንዲታጠፍ በድምፅ ብልጫ ተወሰነ። 6 መሳፍንትና 14 ከተሞች «በዚህ ውሳኔ አንገዛም» ብለው በጽሑፍ አስመዘገቡ። «ፕሮቴስታሲዮን» የሚባለው ያ ሰነድ ነው። የላቲኑ ግሥ በአደባባይ ማስታወቅ፣ መመስከርም ነው። ዛሬ ስሙን የሚሰማ ሰው የሚያስበው ስለ ስብከትና ስለ መዝሙር ነው። ሲነሳ ግን የልዩነት ሐሳብን በመዝገብ ማስፈር ነበር። «ይኸ የደንብ ሥራ ነው!» አሉ አባቴ።

ከሁሉም ያሳዘነኝ የ«ሂናያና» ነገር ነው። «ያነሰው መጓጓዣ» ማለት ነው። «ሂና» የሚለው ክፍል ማነስን ብቻ አይደለም የሚናገረው፤ መናቅም አለበት። ይህን ስም ያወጡት ራሳቸውን «ማሃያና»፣ ማለትም «ታላቁ መጓጓዣ» ያሉት ቡድሂስቶች ናቸው። በዚህ ስም ራሱን የጠራ ወገን የለም። ሆኖም ቆየት ያሉ መጻሕፍት ስሪላንካን፣ ታይላንድንና በርማን «የሂናያና አገሮች» እያሉ ይዘረዝራሉ። እዚያ ያሉት ሰዎች ራሳቸውን ቴራቫዳ ነው የሚሉት፤ የሽማግሌዎች ትምህርት ማለት ነው። ይህን ሳያውቅ የሚያነብ ሰው አንዱ ወገን ለሌላው የሰጠውን ዘለፋ እንደ ተራ የምድብ ስም ይዞት ይሄዳል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ሰው የማያውቀውን ሕዝብ በሰደቡት ሰዎች ቃል ተዋወቀው ማለት ነው።

የአማርኛ አንባቢ ይህ ስሜት ሩቅ ሊሆንበት አይገባም። ማንኛውንም የቆየ የምዕራብ መጽሐፍ ክፈቱ። የግብፅ፣ የሶርያ፣ የአርመንና የኢትዮጵያ አብያተ ክርስቲያናት «ሞኖፊዚት» ተብለው ታገኟቸዋላችሁ። በ451 የኬልቄዶን ጉባኤን ውሳኔ ስላልተቀበሉ የተሰጣቸው ስም ነው። «ሞኖ» በግሪክ «ብቻ» የሚል ጉልበት አለው። ስለዚህ ስሙ የሚነግራችሁ፣ ከሁለቱ ባሕርያት አንዱ ጠፍቶ አንዱ ብቻ ቀረ ብለው የሚያምኑ እንደሆኑ ነው። እነሱ ግን እንዲህ አላሉም። የሰው ባሕርይ በመለኮት ተውጦ ጠፋ የሚል ትምህርት የተያያዘበትን አውጣኪን እነሱም አውግዘውታል። የያዙት በ444 ያረፈውን የእስክንድርያውን ቄርሎስ አነጋገር ነው፦ «ሥጋ የሆነ የእግዚአብሔር ቃል አንድ ባሕርይ»። እዚህ ላይ ግሪኩ «ሞኖ» አይልም፤ «ሚያ» ነው የሚለው። ለዚህ ነው ዛሬ ጥንቁቅ ጸሐፊዎች «ሚያፊዚት» የሚሉት። «ተዋሕዶ» የሚለው ቃል ደግሞ ነገሩን በአንድ ትንፋሽ ይናገረዋል። መዋሐድ እንዲኖር የሚዋሐዱ ያስፈልጋሉ። ሳይቀላቀል፣ ሳይለያይ፣ ሳይጠፋፋ አንድ መሆን። ይህን ቃል ከልጅነቱ የሰማ ሰው «ሞኖፊዚት» የሚለው ለምን እንደሚጎረብጥ ማብራሪያ አይፈልግም።

ያው ሰው ታዲያ ገጹን ገልብጦ «ንስጥሮሳውያን» የሚል ሲያገኝ ዝም ብሎ ማለፍ የለበትም ባይ ነኝ። የምሥራቅ ቤተ ክርስቲያን በፋርስ መንግሥት ውስጥ የራሷን ጉባኤ ያደረገችው በ410 ነው። ንስጥሮስ የቁስጥንጥንያ ሊቀ ጳጳስ የሆነው በ428። መሥራቿ ሊሆን አይችልም። በኋላ አስተማሪዎቿ ከእሱ ወገን ቆመዋል፤ እሱን ማክበሯም እውነት ነው። ስሙን ግን ለጠላትነት የለጠፉባት ሌሎች ናቸው። ቻይና ውስጥ ሺአን ላይ በ781 ያቆሙት የድንጋይ ሐውልት እስከ ዛሬ አለ። እዚያ ላይ ሃይማኖታቸውን በቻይንኛ «ጂንግጂያው» ብለው ጽፈዋል፤ «ብሩህ ትምህርት» እንደ ማለት። ስለ ራሳቸው የመረጡት ይህን ነው።

አሁን ወደ ሌላ ዓይነት ቃል ልሂድ፤ ማለትም አገር ወደሚያቋርጥ ቃል። እዚህ ላይ ከሁሉ የምወደው ቻይናዊውን ቡድሂስት መነኩሴ ሹዋንዛንግን ነው። በ629 ከቻይና ወጥቶ ሕንድ ድረስ ሄደ፤ በ645 ሲመለስ 657 የሚሆኑ ጽሑፎችን ይዞ ገባ። የቀረውን ዕድሜውን በትርጉም ሥራ ፈጀው። ከእሱ በፊት የነበሩ አንዳንድ ተርጓሚዎች የቡድሃን ትምህርት ለቻይናውያን ለማቅረብ የዳዎይስቶችን፣ የአገሬውን የቆየ ሃይማኖት ሰዎች፣ ቃላት ተውሰው ነበር። ለኒርቫና «ውዌይ» አሉ፤ ያለ ግፊት መሥራት፣ አለማድረግ ማለት ነው። ለመገለጥ «ዳዎ» አሉ፤ መንገድ። አንባቢው ወዲያው ገባው። የገባው ግን ድሮ የሚያውቀው ነገር ነበር።

ሹዋንዛንግ የማይተረጎሙ ቃላት አምስት ዓይነት ናቸው አለ። ይህ ደንብ በኋላ ዘመን ጽሑፎች በእሱ ስም ተጠብቆ ደርሶናል። አንደኛው ምሥጢር የሆነ ቃል ነው፤ እንደ ጸሎት የሚደገም፣ ኃይሉ በድምፁ ያለ። ሌላው ብዙ ትርጉም በአንድ ላይ የያዘ ቃል ነው፤ አንዱን ከመረጥክ ሌሎቹን ትገድላለህ። በአገሩ የሌለ ነገርም አይተረጎምም፤ የጃምቡ ዛፍ ቻይና ውስጥ የለምና ስሙ እንዳለ ይቀመጥ። ከቀድሞ ጀምሮ ሳይተረጎም የተለመደውም ይቆይ። አምስተኛው ላይ ቆም አልኩ፤ ክብር የሚያሳድር ቃል ነው። «ፕራጅና» ማለት ጥበብ ነው። ለዚያ የሚሆን የቻይንኛ ቃል አለ፤ ሹዋንዛንግም ያውቀዋል። ነገር ግን «ጥበብ» ሲባል ሰው የገበያ ብልሃትም ያስባል። «ፕራጅና» ሲባል ግን አንገቱን ቀና ያደርጋል።

ስለዚህ አንዳንድ ቃል እንግዳ ሆኖ የቀረው ሆን ተብሎ ነው። ተርጓሚው ሰንፎ አይደለም። አንባቢው «ይህን አውቀዋለሁ» ብሎ እንዳያልፍ ነው። እኛም እናውቀዋለን። «አሜን»፣ «ሃሌ ሉያ»፣ «ሆሣዕና» ከዕብራይስጥ ወጥተው በብዙ ቋንቋ ሳይተረጎሙ ቀሩ። ፍቺ አጥተው አይደለም።

ተቃራኒውን ያደረገ ሰው ምን እንደገጠመው ልንገራችሁ። ጀስዊት የሚባለው የካቶሊክ ማኅበር ሰባኪ ፍራንሲስ ዣቪየር በ1549 ጃፓን፣ ካጎሺማ ገባ። ቋንቋውን አያውቅም። አንጂሮ የሚባል የተጠመቀ ጃፓናዊ ይረዳዋል። «እግዚአብሔር»ን በጃፓንኛ ምን እንበለው ሲባል «ዳይኒቺ» አለው። ዣቪየርም «ለዳይኒቺ ስገዱ» እያለ ሰበከ። ሺንጎን የሚባለው የጃፓን ቡድሂስት ወገን መነኮሳት በደስታ ተቀበሉት። ለምን አይቀበሉትም? ዳይኒቺ የእነሱ ታላቅ ቡድሃ ስም ነው። ከሕንድ አቅጣጫ የመጣ መነኩሴ የራሳቸውን ትምህርት የሚያስተምራቸው መሰላቸው። ሁለቱም ወገን ለወራት እየተግባቡ መሰላቸው፤ አንዱም ሌላውን አልሰማም። ከሁለት ዓመት ገደማ በኋላ ነገሩ ሲገለጥለት «ለዳይኒቺ አትጸልዩ» ብሎ ማስተማር ጀመረ። በምትኩ የላቲኑን ቃል እንዳለ አስገባ፤ በጃፓንኛ አፍ «ዴውሱ» ሆነ። ጠላቶቹ ይህንም አልተዉትም። «ዳይ ኡሶ» ብለው አጣመሙት፤ «ትልቅ ውሸት» ማለት ነው።

አባቴ ይህን ሲሰሙ ብዙ ሳቁ። ከዚያ ዝም አሉና «ሁለቱ ሲስማሙ ነበር መጠርጠር» አሉኝ።

አንዳንድ ጊዜ ግን ትርጉሙ ራሱ ሀብት ነው። ንጉሥ አሾካ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ3ኛው ክፍለ ዘመን በግዛቱ ሁሉ ስለ «ዳርማ» ድንጋይ ላይ ያስጽፍ ነበር። በዛሬዋ አፍጋኒስታን፣ ካንዳሃር ላይ በ1958 የተገኘው ጽሑፉ በሁለት ቋንቋ ነው፤ በግሪክና በአራማይክ። የግሪኩ ጸሐፊ ዳርማን «ኤውሴቤያ» አለው፤ ለአማልክትና ለወላጅ የሚገባ አክብሮት፣ መንፈሳዊነት። የአራማይኩ ጸሐፊ «እውነት» አለው። አንድ ድንጋይ፣ አንድ ንጉሥ፣ አንድ ቃል፤ ሁለቱ ጸሐፊዎች ግን የተያዩት የየራሳቸውን አንባቢ ነበር። «ዳርማ ምን ማለት ነው?» ለሚለኝ ሰው መጀመሪያ የምነግረው ይህን ድንጋይ ነው። ሕግ፣ ግዴታ፣ ትምህርት፣ የዓለም ሥርዓት እያሉ ከመደርደር ይሻላል።

«ካርማ» ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። ዛሬ በየቦታው «የእጁን አገኘ» ለማለት ይጠቀሙበታል። ቃሉ በሳንስክሪት «ሥራ» ማለት ብቻ ነው። ጥያቄው የማን ሥራ የሚለው ነው። በቬዳ፣ ማለትም በሕንድ ጥንታዊ ቅዱሳት መጻሕፍት፣ ዘመን ካህኑ ሲናገረው የመሥዋዕቱን ሥርዓት ማለቱ ነው፤ በትክክል የተፈጸመ ሥርዓት ፍሬ ያፈራል። ቡድሃ ይህን ቃል ወሰደና ገለበጠው። «ካርማ የምለው ሐሳብን ነው» አለ፤ ማለትም ሰው ሲያደርግ ያሰበውን። ጃይና የሚባለው የሌላው የሕንድ ሃይማኖት መነኮሳት ይህን አልተቀበሉም። ለእነሱ ካርማ እጅግ የረቀቀ ቁስ ነው፤ እንደ አቧራ ነፍስ ላይ የሚለጠፍ። ሳያስቡ ትል የረገጡ እንኳ ይለጠፍባቸዋል። ታዲያ አፍን በጨርቅ መሸፈኑ፣ መንገዱን እየጠረጉ መሄዱ ከየት መጣ ብላችሁ ከገረማችሁ፣ መልሱ ይኸው ነው። «ካርማ ማለት ዕጣ ፈንታ ነው» ብሎ የጀመረ አንባቢ እነዚህ ሦስት ሰዎች ሲከራከሩ ፈጽሞ አይሰማውም።

ኒርቫናም እንዲሁ። መጥፋት ማለት ነው፤ እሳት ሲጠፋ እንደሚባለው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ብዙ የአውሮፓ ምሁራን ይህን ይዘው ቡድሃ ጭራሹን አለመኖርን ሰበከ አሉ፤ ደነገጡም። ግን የቱ እሳት ነው የሚጠፋው? ጽሑፎቹ ሦስት እሳት ይቆጥራሉ፦ ምኞት፣ ጥላቻና ድንቁርና። ሦስት መሆናቸው ደግሞ በከንቱ አይመስልም። ሥርዓቱን የሚጠብቅ ብራህማን፣ ማለትም የካህናቱ ወገን የሆነ ሰው፣ ሦስት የተቀደሱ እሳቶችን እንዳይጠፉ የመጠበቅ ግዴታ ነበረበት። አንዳንድ ተመራማሪዎች ቡድሃ ሆን ብሎ ይህን እየነካ ነው ይላሉ። እኔም አምናቸዋለሁ። ቫቻጎታ የሚባል ተንከራታች ወደ ቡድሃ መጥቶ፣ ነፃ የወጣ ሰው ከሞት በኋላ ወዴት እንደሚሄድ ጠየቀው። ቡድሃ መልሶ ጠየቀው። ፊትህ ያለው እሳት ማገዶው አልቆ ቢጠፋ ወዴት ሄደ ትላለህ? ወደ ምሥራቅ? ወደ ምዕራብ? ሰውየው ጥያቄው ራሱ አይገጥምም አለ። ኒርቫና የሚለውን ቃል ከዚህ ንግግር ውጭ ማስረዳት እኔ አልሆነልኝም። እዚህ ውስጥ ግን ራሱን ያስረዳል።

ሳልጠቅስ የማላልፈው ሌላ ነገር አለ፤ እናውቃቸዋለን የምንላቸው ቃላት። «ኦሪት» ከአራማይክ የመጣ ነው፤ የዕብራይስጡ «ቶራ» ዘመድ። የቶራ ሥር ማስተማር፣ መምራት ነው። እስክንድርያ ውስጥ ወደ ግሪክ ሲተረጎም «ኖሞስ» ተባለ፤ ሕግ። ከዚያ በኋላ በስንት ቋንቋ ያለ ክርስቲያን አይሁዳዊን ሲያስብ ሕግን አሰበ፤ አይሁዳዊው ግን አባት ለልጁ የሚሰጠውን ትምህርትም ያስብ ነበር። «ሰብአ ሰገል»ንም እዩ። ግሪኩ «ማጎይ» ነው የሚለው። ማጎይ የፋርስና የሜዶን ካህናት ናቸው። ግሪኮች የእነዚህን የባዕድ ካህናት ሥርዓት ሲያዩ ጥንቆላ መሰላቸውና ከስማቸው «ማጌያ» አወጡ። ዛሬ «ማጂክ» የምንለው ከዚያ ወረደ። የአንድ ሕዝብ ካህን ስም ለሌላው የምትሃት ስም ሆነ።

«ሂንዱ»ም በመጀመሪያ የወንዝ ስም ነው። ሲንዱ የሚባለውን ወንዝ ፋርሶች በ«ሀ» ጠሩት፤ ከዚያ ማዶ ያለው አገርና ሰው ሁሉ በዚያ ስም ተጠራ። እኛ «ህንድ» የምንለውም ያው ነው። የአንድ ሃይማኖት ስም ሆኖ «ሂንዱይዝም» መባል የተለመደው ገና በ19ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ይህን ስታውቁ «ሂንዱዎች ስለዚህ ነገር ምን ያምናሉ?» የሚለው ጥያቄ ለምን አንድ መልስ እንደሌለው ይገባችኋል።

ባለቤት ያጡ ቃላትም አሉ። «ሻማን» የሳይቤሪያ ኤቨንኪዎች ቃል ነው፤ በሩሲያኛ በኩል ወጣ። «ታቡ»ን ካፒቴን ኩክ በ1777 ከቶንጋ ይዞት መጣ። «ቶተም» የሰሜን አሜሪካ ኦጂብዌዎች ነው። ምሁራን እነዚህን ወስደው ለዓለም ሁሉ አደሏቸው። «አኒሚዝም»ን ደግሞ በዛሬው ትርጉሙ በ1871 ያስፋፋው ኤድዋርድ ታይለር ነው። እሱ «አኒሚስት» ካላቸው ሕዝቦች መካከል በዚህ ስም ራሱን የጠራ አልነበረም። እነዚህን ቃላት አልጠላቸውም፤ ለማወዳደር ይጠቅማሉ። ሳገኛቸው ግን ደብተሬ ላይ ከጎናቸው የተነሱበትን ሕዝብ ስም እጽፋለሁ። ለሌሎቹም እንዲሁ አደርጋለሁ፤ ማን አለው፣ ስለማን፣ መቼ፣ ምን ሲሉ። ፍቺውን የምጽፈው መጨረሻ ላይ ነው። ብዙ ጊዜ እዚያ ስደርስ ቦታው ሁለት መስመር ይፈልጋል እንጂ አንድ ቃል አይበቃውም።

አሁን የያዝነው የማኒን ተከታዮች ነው። ማኒ የራሱን ሃይማኖት የመሠረተ ሰው ነው፤ በ216 ባቢሎን ምድር ተወለደ። እንደ ሹዋንዛንግ አላሰበም፤ ቃሎቹ በየአገሩ ልብስ እንዲለውጡ ፈቀደ። በፋርስኛ ጽሑፎቹ የፋርሶች አማልክት ስሞች አሉ። በምዕራብ «የኢየሱስ ክርስቶስ ሐዋርያ» ነኝ ይላል። በቻይና ተከታዮቹ «የብርሃን ቡድሃ» አሉት። ለብዙ መቶ ዓመታት ግን ስለ እሱ የምናውቀው ከባላንጣዎቹ ነበር፤ በተለይ ከአውግስጢኖስ። እሱ ራሱ ዘጠኝ ዓመት ያህል ከእነሱ ጋር «አዳማጭ» ነበር።

አባቴ እዚህ ላይ እጃቸውን አነሱ። «አዳማጭ ማለት ምንድን ነው? ቁጭ ብሎ የሚሰማ ነው?»

አይደለም። ማኅበሩ ሁለት ክፍል ነበረው። «ምርጦቹ» አያርሱም፣ አያበስሉም፣ አያገቡም፤ ተክል መቁረጥ እንኳ በውስጡ ያለውን መለኮታዊ ብርሃን መጉዳት ነው ይላሉ። ምግባቸውን የሚያቀርቡላቸው አዳማጮቹ ናቸው። የሚያርሰው አዳማጭ ነው፣ የሚነግደው አዳማጭ ነው፣ ኃጢአቱን የሚሸከመው አዳማጭ ነው። ያለ እሱ ምርጡ አንድ ቀን አያድርም።

«ታዲያ ተከሳሾቹ ራሳቸው ያሉት የለም?» አሉኝ።

አለ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በመካከለኛው እስያ፣ ቱርፋን አካባቢ በአሸዋ ውስጥ የተቀበሩ የእነሱ ጽሑፎች ተገኙ፤ በ1929 አካባቢ ደግሞ ግብፅ ውስጥ በቅብጥ የተጻፉ። ከመካከለኛው እስያ ከተገኙት አንዱ ለአዳማጮች የተዘጋጀ የንስሐ ጸሎት ነው፤ በጥንታዊ ቱርክኛ። ሕይወት ያለውን ሁሉ ስላስፈራራንና ስለጎዳን ይቅር በለን እያለ ይሄዳል። ነገ ማታ የምናነበው እሱን ነው።